ለመባ የሚቀርብ ምግብ እንዴት ይዘጋጃል? ከመጨረሻው የሚጀምር መመሪያ

ጓደኛችሁ በእምነቱ በዓል ላይ እንድትገኙለት ጠርቷችኋል እንበል። ወይም የሌላ እምነት ተከታይ ከሆነ ቤተሰብ ጋር ተዛምዳችኋል። ወይም ደግሞ በገዛ እምነታችሁ እስከ ዛሬ ትልልቆቹ ሲያዘጋጁት ቁጭ ብላችሁ ያያችሁት ሥርዓት፣ ዘንድሮ ተራው እናንተ ጋ ደርሷል። ባዶ እጅ አይኬድም። ምግብ መያዝ አለበት።

ጣጣው የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ለእንግዳ የሚቀርብ ምግብ ከጣፈጠ በቃው። ለመባ የሚቀርብ ምግብ ግን ጣፍጦም ሊመለስ ይችላል። ማን ሠራው? ቀድሞ የቀመሰው አለ? ምን ገባበት? በስንት ሰዓት ደረሰ? እነዚህ ጥያቄዎች ከጣዕሙ ይቀድማሉ።

ብዙ ሰው «ምን ልሥራ?» ብሎ ይጀምራል። እኔ ግን ከኋላ መነሳት ይሻላል ባይ ነኝ። ሥርዓቱ ሲያልቅ ያ ምግብ የት ነው የሚያርፈው? ይህን ካወቃችሁ የሚበስለው ነገር፣ መጠኑ፣ ዕቃውና ሰዓቱ ከዚያው ይወጣል።

ደረጃ 1፦ ምግቡ የት እንደሚያርፍ እወቁ

ሥርዓቱ እንደየእምነቱ እልፍ ነው። የምግቡ ማረፊያ ግን ያን ያህል ብዙ አይደለም።

በጣም የተለመደው ተመልሶ ወደ ሰው መምጣቱ ነው። በሂንዱ እምነት ምግቡ በአምላኩ ምስል ፊት ይቀርባል፣ ይጸለይበታል፣ ከዚያ ፕራሳድ ሆኖ ለምእመኑ ይታደላል። በህንድ ኦዲሻ ግዛት፣ ፑሪ ከተማ ውስጥ ያለው የጃጋናት ቤተ መቅደስ በዚህ የታወቀ ነው። ወጥ ቤቱ በእንጨት እሳትና በሸክላ ድስት ይሠራል፤ ድስቶቹ አንዱ በሌላው ላይ ተደራርበው ይበስላሉ። ምግቡ ለአምላኩ ከቀረበ በኋላ እዚያው ግቢ ውስጥ አናንዳ ባዛር በሚባለው ቦታ ለሕዝብ ይሸጣል። በጃፓን የሺንቶ እምነትም ሩዝ፣ ጨው፣ ውሃና ሳኬ የሚባለው የሩዝ መጠጥ ከቀረበ በኋላ ሰዎች አብረው የሚቋደሱበት ናኦራይ የሚባል ማዕድ አለ። በጥንታዊ ግብፅም ለአማልክቱ ሐውልት የቀረበው ምግብ ዞሮ ዞሮ ካህናቱ ጋ ነበር የሚደርሰው። የእናንተ ምግብ መጨረሻው እንዲህ ከሆነ ለብዙ አፍ አስቡ። በትንሽ በትንሹ ሊቆረስ የሚችል፣ በእጅ የሚያዝ፣ መረቅ የማይንጠባጠብበት ነገር ይመረጣል።

ሁለተኛው ማረፊያ የሃይማኖት አገልጋዮች ማዕድ ነው። በጥንቱ የአይሁድ ሥርዓት በየሰንበቱ የሚቀየሩት 12ቱ ኅብስተ ገጽ ኋላ የካህናቱ ምግብ ነበሩ። ዛሬ በታይላንድ፣ በላኦስ፣ በምያንማርና በስሪላንካ ቴራቫዳ የሚባለው የቡድሂዝም ቅርንጫፍ መነኮሳት የሚበሉት ምእመናን የሰጧቸውን ነው። እዚህ ላይ የሚገዛችሁ የተቀባዩ ሕግ ነው። እናንተ የፈለጋችሁትን ብታበስሉ፣ እሱ መብላት ካልተፈቀደለት ድካማችሁ ሜዳ ላይ ቀረ ማለት ነው።

ሦስተኛው ማረፊያ የተቸገረ ሰው ነው። በእስልምና የረመዳን ማብቂያ ላይ የሚሰጠው ዘካተል ፊጥር ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። መጠኑ ለአንድ ሰው አንድ ሷዕ ሲሆን፣ ይህም እንደ እህሉ ዓይነት ከ2.5 እስከ 3 ኪሎ ገደማ ይመጣል። የሚሰጠው የአካባቢው ሰው ዘወትር የሚበላው እህል ነው። ስለዚህ የተለየና የተጋነነ ነገር መፈለግ አያስፈልግም፤ ተቀባዩ ነገ ጠዋት ሊያበስለው የሚችለውን ስጡ። የሲክ እምነት ተከታዮች (ሲኮች) ላንጋር ደግሞ ሀብታም ድሃ፣ አማኝ ኢአማኝ ሳይል ለመጣው ሁሉ የሚቀርብ ነጻ ማዕድ ነው። በህንድ አምሪትሳር ከተማ በሚገኘው ወርቃማው ቤተ መቅደስ በቀን በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሰው ይበላል።

አራተኛው እሳት ወይም አፈር ነው። በሂንዱ የሆማ ሥርዓት የተነጠረ ቅቤና እህል ወደ እሳት ይገባል። አይሁዳውያን ዳቦ ሲያቦኩ ከሊጡ ቆንጥረው የሚለዩት ድርሻ፣ ቤተ መቅደሱ እ.ኤ.አ. በ70 ከፈረሰ ወዲህ ለካህን ስለማይሰጥ አብዛኛውን ጊዜ ይቃጠላል። በደቡብ አሜሪካ አንዲስ ተራሮች ያሉ ሕዝቦች በአውሮፓውያኑ ኦገስት ወር ለምድር እናት ለፓቻማማ የሚያቀርቡትን ያቃጥሉታል ወይም ይቀብሩታል። ማረፊያው ይህ ከሆነ ትንሽ ይበቃል። በገፍ ማብሰል ብክነት ነው፤ ሥርዓቱም አይጠይቀውም።

የመጨረሻው ለሙታን ወይም ለመናፍስት ቀርቦ ለተወሰነ ጊዜ የሚቀመጠው ነው። በሜክሲኮ የሙታን ቀን መሠዊያ ላይ ዳቦ፣ ውሃ፣ ጨውና ሟቹ በሕይወቱ ይወደው የነበረው ምግብ ይደረደራል። እዚህ የሚያስፈልገው ዝና ያለው ምግብ አይደለም። ሟቹ አያት አረፋ ያለው ቡና ይወዱ ከነበረ እሱው ይቀርባል።

አንድ ሥርዓት ሁለት ማረፊያ ሊኖረውም ይችላል። የጥንት ግሪኮች አጥንቱንና ስቡን በእሳት ለአማልክቱ ልከው ሥጋውን ራሳቸው ይበሉ ነበር። ብልጥ ክፍፍል ነው! እነሱም ቢሆኑ ነገሩ አሳፍሯቸው ይመስላል፤ ፕሮሜቴዎስ ዜውስን አታሎ ያስመረጠው ነው የሚል አፈ ታሪክ አበጅተውለታል።

ማንን ትጠይቃላችሁ? የሃይማኖት አባቱን ብቻ አይደለም። እሱ ትምህርቱን ያውቃል። ወጥ ቤቱን የሚመሩት ሰዎች ግን ባለፈው በዓል የትኛው ምግብ ሳይነካ እንደተመለሰ ያውቃሉ። «ሲያልቅ ማን ነው የሚበላው? ስንት ሰው ይመጣል? በምን ዕቃ ላምጣው?» ብላችሁ እነሱን ጠይቁ።

ደረጃ 2፦ መጀመሪያ የተከለከለውን ጻፉ

ከምግብ ዝርዝሩ በፊት የክልክሉ ዝርዝር ይቅደም። እዚህ ላይ ጊዜ ውሰዱ፤ አብዛኛው ስህተት የሚሠራው እዚህ ነው።

ቪሽኑን ወይም ክሪሽናን በሚያመልኩ የሂንዱ ቤተ መቅደሶች ሥጋ፣ ዓሣና እንቁላል አይቀርብም። ቀይና ነጭ ሽንኩርትም እንደዚያው። «ሂንዱ ሁሉ እንዲህ ነው» ብላችሁ ግን እንዳትደመድሙ። ኮልካታ ውስጥ ባለው የካሊጋት ቤተ መቅደስ ለእንስት አምላኳ ካሊ ፍየል ይታረዳል። ስለዚህ ጥያቄያችሁ «ሂንዱ ምን ያቀርባል?» ሳይሆን «በዚህ ቤት፣ ለዚህ አምላክ፣ በዚህ ቀን ምን ይቀርባል?» የሚል ይሁን።

የቻይና ቡድሂስት ገዳማትም ከሥጋ በተጨማሪ ሽንኩርትንና ዘመዶቹን ያርቃሉ። የቴራቫዳ መነኮሳት ግን ሥጋ ሊቀበሉ ይችላሉ። ቅድመ ሁኔታው እንስሳው ለእነሱ ተብሎ ሲታረድ አለማየታቸው፣ አለመስማታቸውና አለመጠርጠራቸው ነው። ይህም ሆኖ 10 ዓይነት ሥጋ ፈጽሞ አይነኩም። ከእነዚህ ውስጥ የዝሆን፣ የፈረስ፣ የውሻ፣ የእባብ፣ የአንበሳና የጅብ ሥጋ ይገኙበታል። ጥሬ ሩዝና ጥሬ ሥጋም በእጃቸው አይቀበሉም። መነኩሴ አብስሎ መብላት የለበትምና የበሰለ ውሰዱለት።

በኮሪያ ለሞቱ አባቶች በሚቀርበው የጄሳ ማዕድ ላይ ኮክ የሚባለው ፍሬ አይቀመጥም። ሚጥሚጣና ነጭ ሽንኩርትም ይቀራሉ። ምክንያቱ ደስ ይላል፤ እነዚህ ነገሮች መናፍስትን ያባርራሉ ተብሎ ይታመናል። የጠራችሁትን እንግዳ በር ላይ እንደማስደንገጥ ነው።

የጨውና የእርሾ ነገር ደግሞ ራሱን የቻለ ዓለም ነው። በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 2 መሠረት በእሳት የሚቀርበው የእህል ቁርባን ውስጥ እርሾና ማር አይገባም፤ ጨው ግን ከቶ መጉደል የለበትም። የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ላቲን ሥርዓት ለቁርባን የሚጠቀመው ያልቦካ የስንዴ ኅብስት ነው። የባይዛንታይን ሥርዓት ኦርቶዶክሶች በአንጻሩ የቦካውን ይጠቀማሉ። ቫቲካን እ.ኤ.አ. በ2017 ባወጣችው ደብዳቤ ከግሉተን (ስንዴ ውስጥ ካለው ፕሮቲን) ፈጽሞ የጸዳ ኅብስት ለቁርባን እንደማይሆን፣ ግሉተኑ የተቀነሰው ግን እንደሚቻል አስታውሳለች። የጤና ችግር ያለበት ቤተሰብ ካላችሁ ይህ ልዩነት ትልቅ ነው። ካህኑን አስቀድማችሁ አነጋግሩ እንጂ ከሱቅ የገዛችሁትን ይዛችሁ አትቅረቡ።

ቀጥሎ የታሸጉ ነገሮችን ጽሑፍ አንብቡ። ጀላቲን ከእንስሳ ቆዳና አጥንት ይወጣል፤ ከረሜላና ጄሊ ውስጥ ይገባል። አንዳንድ አይብ የሚረጋው ከጥጃ ጨጓራ በሚወጣ ነገር ነው። ኬክ ውስጥ እንቁላል አለ። ብስኩትና ኬክ አንዳንዴ በአሳማ ስብ ይሠራሉ። የቫኒላ ፈሳሽ አልኮል አለው። ለአይሁዳውያን ከሆነ ደግሞ ሥጋና ወተት አይገናኙም፤ ድስቱ ራሱ ይለያል። ስለዚህ ኮሸር የሚባለውን የአይሁድ የምግብ ሕግ ለሚጠብቅ ቤት ከወጥ ቤታችሁ ያበሰላችሁትን ይዛችሁ አትሂዱ። የኮሸር ማኅተም ያለበት፣ እሽጉ ያልተከፈተ ነገር ይሻላል።

ምንም ማወቅ ካልቻላችሁ? ያልተቆረጠ፣ ያልተጎዳ ፍራፍሬ ውሰዱ። በሂንዱዎቹ ቅዱስ መጽሐፍ በባጋቫድ ጊታ 9ኛ ምዕራፍ ላይ ክሪሽና በፍቅር ከቀረበለት ቅጠል፣ አበባ፣ ፍሬ ወይም ውሃ እንደሚቀበል ይናገራል፤ ፍራፍሬ በብዙ ሌሎች እምነቶችም አይመለስም። ሁለት ነገር ብቻ አስታውሱ። የኮሪያው ኮክ አንዱ ነው። ሌላው፣ የቴራቫዳ መነኮሳት ሊበቅል የሚችል ዘር ያለበትን ፍሬ እንዳለ አይበሉም። ምእመን በቢላ ነካ ሊያደርግላቸው ይገባል። ዘሩን አውጥታችሁ፣ ቆራርጣችሁ ብትወስዱ ይገላገላሉ።

ደረጃ 3፦ ሳይቀምሱ ማብሰል

ለማብሰል ለለመደ ሰው ከባዱ ሕግ ይህ ነው። በሂንዱ ሥርዓት ለአምላኩ ያልቀረበ ምግብ አይቀመስም፤ ሆን ተብሎም አይሸተትም። ጨው በዛ አነሰ ብሎ ማንኪያ ማንሳት የለም።

መፍትሔው ልምምድ ነው። ከበዓሉ ጥቂት ቀን ቀደም ብላችሁ ያንኑ ምግብ ለራሳችሁ አብስሉ። በዚያ ቀን እንደልባችሁ ቅመሱ፣ አስተካክሉ። ጨውን በእጅ ከመቆንጠር በግራም ሚዛን ለኩ፤ ውሃውንም፣ ደቂቃውንም ጻፉ። በዕለቱ የጻፋችሁትን ተከተሉ። በእጅ ልኬት የሚተማመን ሰው መጀመሪያ ላይ ይናደዳል። ግን ለ50 ሰው ጨው የበዛበት ሩዝ ከማደል ይሻላል።

ሌላው የዕቃ ነገር ነው። ሥጋ የበሰለበት ድስት ለዚህ አይሆንም። የምትችሉ ከሆነ ለመባ ብቻ የሚያገለግል ድስት፣ ማማሰያና ቢላ ለዩ። ገላን ታጥቦ፣ ንጹሕ ልብስ ለብሶ፣ ፀጉር ሸፍኖ መሥራት በብዙ እምነቶች ይጠበቃል። ከእምነቱ ውጭም ቢሆን ለጤና ይበጃል።

ምሳሌ እንያዝ። የሲኮች ካራህ ፕራሳድ ቀላል ነው፦ የስንዴ ዱቄት፣ የተነጠረ ንጹሕ ቅቤና ስኳር በእኩል ሚዛን። በአንድ በኩል ስኳሩ በውሃ ይሟሟል። በሌላ በኩል ዱቄቱ በቅቤው ውስጥ በለስላሳ እሳት፣ ቡናማ ወርቅ እስኪመስልና ሽታው ቤቱን እስኪሞላ ድረስ ይታመሳል። ከዚያ የስኳሩ ውሃ በጥንቃቄ ይፈስበታል፤ በኃይል ስለሚፈናጠር እጃችሁን ጠብቁ። ቅቤው ከዳር እስኪወጣ ማማሰል ነው። እኩል መሆኑ ጥሩ ነገር አለው፤ የሚረሳ ልኬት የለም። ያም ሆኖ በጉርድዋራ (በሲኮች የጸሎት ቤት) ውስጥ ይህን የሚሠሩት የለመዱ ሰዎች ናቸውና፣ ከቤት ሠርቶ ከመሄድ ዱቄቱን፣ ቅቤውንና ስኳሩን ማበርከት ይቀላል።

ከበድ የሚለው የግሪክ ኦርቶዶክሶች ለሙታን መታሰቢያ የሚያዘጋጁት ኮሊቫ ነው። የተቀቀለ ስንዴ ነው፤ ግን ቅቅል ብቻ ከመሰላችሁ ተሸውዳችኋል። ዋናው ጠላት ውሃ ነው። ስንዴው ለስልሶ ከበሰለ በኋላ ተጠንፍፎ በንጹሕ ፎጣ ላይ ይሰጣል፤ ሌሊቱን ይድረቅ። ጠዋት ዘቢብ፣ የተፈጨ ለውዝ ወይም ዋልነት፣ ሮማን፣ ቀረፋ ይቀላቀላል። በትሪ ላይ ጉብ ተደርጎ ይጠቀጠቅና የታመሰ ዱቄት ወይም የደቀቀ ደረቅ ዳቦ ይለብሳል። ይህ ሽፋን ለጌጥ አይደለም። ከላይ የሚነፋው የስኳር ዱቄት ከስንዴው እርጥበት እንዳይስብ የሚከለክል ነው። ስኳሩን ከቤት ልትወጡ ስትሉ አልብሱት፤ ማታ ካለበሳችሁት ጠዋት ጭቃ ሆኖ ይጠብቃችኋል። የመስቀሉ ምልክት በመጨረሻ ይሠራል።

ደረጃ 4፦ ሰዓቱን ከኋላ ወደ ፊት ቁጠሩ

የቴራቫዳ መነኩሴ ከእኩለ ቀን በኋላ እስከ ማግስቱ ንጋት ጠጣር ምግብ አይበላም። እኩለ ቀን ማለት ደግሞ ምግቡ የሚደርስበት ሳይሆን ተበልቶ የሚያልቅበት ሰዓት ነው። ስለዚህ ወደ ኋላ ቁጠሩ፦ ለመብላት ግማሽ ሰዓት፣ ለምርቃትና ለማስረከብ ሌላ ግማሽ ሰዓት፣ ለመንገድ የሚፈጀውን ያህል። ከእኩለ ቀኑ ቢያንስ አንድ ሰዓት ቀድማችሁ እዚያ ካልተገኛችሁ፣ አትክልት ወጡን ይዛችሁ ትመለሳላችሁ። ለከሰዓት የሚሆን ነገር ካስፈለጋችሁ ማር፣ ቅቤ፣ ዘይትና ስኳር አሉ። እነዚህ እንደ መድኃኒት ተቆጥረው እስከ 7 ቀን ሊቀመጡ ይችላሉ።

በላኦስ ሉዋንግ ፕራባንግ ከተማ ደግሞ መነኮሳቱ የሚወጡት ጎህ ሲቀድ ነው። ሲበስል የሚጣበቀው የሩዝ ዓይነት ሞቅ እንዳለ ይሰጣል። መንገድ ላይ ለቱሪስት የሚቸረቸረው ሩዝ አንዳንዴ ያደረ ነው ይባላል። ያረፋችሁበት ቤት ማታ ነግራችሁ ጠዋት ትኩስ እንዲያዘጋጁላችሁ ብታደርጉ ይመረጣል። ይህን ካልቻላችሁ ራቅ ብላችሁ በዝምታ ተመልከቱ፤ ካሜራ መነኩሴው ፊት ላይ መደቀን ነውር ነው።

በእስልምናም ሰዓት የመባውን ስም ይለውጣል። ዘካተል ፊጥር ከዒድ ሶላት በፊት ይሰጣል፤ ከዘገየ ተራ ምጽዋት ይሆናል። በዒድ አል አድሃ የሚታረደው መሥዋዕት፣ ኡድሂያ፣ በተቃራኒው ከበዓሉ ሶላት በኋላ ነው፤ ቀድሞ የታረደው ተራ ሥጋ ነው። ከዙልሒጃ ወር 10ኛ ቀን ጀምሮ እንደ መዝሀቡ (እንደሚከተሉት የሕግ ትምህርት) እስከ 12ኛው ወይም እስከ 13ኛው ቀን ድረስ ጊዜ አለ።

በሜክሲኮ የሙታን ቀን፣ በአውሮፓውያኑ ኖቬምበር 1 የሚታሰቡት ሕፃናት ናቸው፤ ማግስቱ የአዋቂዎች ነው። በቻይና የወጥ ቤት አምላክ የሚሸኘው በ12ኛው የጨረቃ ወር 23ኛ ወይም 24ኛ ቀን ነው። ስለ ቤተሰቡ ለሰማይ ንጉሥ ሪፖርት ሊያቀርብ ስለሚሄድ አፉ እንዲጣፍጥ፣ ወይም ጭራሽ እንዲጣበቅ፣ የሚያጣብቅ ከረሜላ ይቀርብለታል።

ደረጃ 5፦ እንስሳ ከሆነ

ኡድሂያ ለማውጣት የምታስቡ ከሆነ ዕድሜውን ከሻጩ አጣሩ። ፍየል 1 ዓመት፣ ከብት 2 ዓመት፣ ግመል 5 ዓመት የሞላው መሆን አለበት። በግ 6 ወር አልፎት የ1 ዓመት በግ ያህል ከገዘፈ ይቻላል። ከብትና ግመል እስከ 7 ሰው ይካፈሏቸዋል። ዓይኑ የጠፋ፣ የታመመ፣ በግልጽ የሚያነክስና የከሳ አይሆንም። ሁለት ዙር አስኪዱት፣ ዓይኑን በብርሃን እዩት።

ሥጋውን ሦስት ቦታ ከፍሎ ለቤተሰብ፣ ለዘመድ ወዳጅና ለድሃ ማድረግ የተለመደ ነው። ብዙ ሰው የሚስተው የአራጁን ክፍያ ነው። ደመወዙ ከሥጋው ወይም ከቆዳው አይከፈልም። ገንዘቡን ለብቻ አዘጋጁ። በስጦታ መልክ ሥጋ መስጠት ግን ይቻላል። ቁርኣን በምዕራፍ 22 አንቀጽ 37 ላይ ሥጋውም ደሙም አላህ ዘንድ እንደማይደርስ፣ የሚደርሰው የሰዎቹ ፈሪሃ አምላክ እንደሆነ ስለሚናገር፣ በበግ ውድነት ጎረቤት ማስቀናት ከነገሩ ጋር አይሄድም።

ደረጃ 6፦ ማቅረብ

በመጀመሪያ እጅ። በህንድ አካባቢ በግራ እጅ ብቻ መስጠትም መቀበልም አይቻልም። በታይላንድ ሴት ለመነኩሴ በቀጥታ አታቀብልም፤ መነኩሴው ጨርቅ ይዘረጋል፣ እሷ ጨርቁ ላይ ታስቀምጣለች። ምግቡ መሬት ላይ ተቀምጦ «ውሰዱ» መባል የለበትም። በእጅ መሰጠት አለበት፤ ያልተሰጠውን መነኩሴው አይበላም።

ከዚያ አደራደር። በኮሪያ ማዕድ ላይ ብዙ ቤቶች ዓሣውን በምሥራቅ፣ ሥጋውን በምዕራብ፣ ቀይ ፍሬውን በምሥራቅ፣ ነጩን በምዕራብ ያስቀምጣሉ። ቤት ከቤት ይለያያልና ትልልቆቹ የሚሉትን ስሙ። በጃፓን ለሟች በሚቀርብ ሩዝ ላይ ቾፕስቲክ ቀጥ ብሎ ይሰካል። በዚህ ምክንያት በተራ ገበታ ላይ ያንን ማድረግ ጠረጴዛውን ጸጥ ያሰኛል። በዚያው አገር ለኦቦን በዓል ከዱባ ዘመድ ከኩከምበር ፈረስ፣ ከደበርጃን ደግሞ ላም ይሠራል፤ ሟቾቹ በፈረሱ ፈጥነው ይመጣሉ፣ በላሟ እያዘገሙ ይመለሳሉ። ልጆች ካሉ ይህን ሥራ ለእነሱ ስጧቸው። እግሩ የክብሪት እንጨት ነው።

በባሊ ደሴት ከዘንባባ ቅጠል የተሠራች ትንሽ ሰሐን አበባና ጥቂት ምግብ ይዛ በየቀኑ በየደጁ ትቀመጣለች። እየሄዳችሁ እንዳትረግጧት። ዕጣኑ ከነደደ በኋላ ውሻም ዶሮም ቢበላው ችግር የለም።

ደረጃ 7፦ ከቀረበ በኋላ

ፕራሳድ ሲታደል ቀኝ እጅን ግራ ላይ አድርጎ መቀበል ነው። በጉርድዋራ ጫማ አውልቃችሁ፣ ራሳችሁን ሸፍናችሁ፣ መሬት ላይ ተቀምጣችሁ በሁለት እጅ ትቀበላላችሁ። «ጨምሩልኝ» ይቻላል። ማስተረፍ ግን አይወደድም፤ ስለዚህ ትንሽ ጠይቁ።

የገዛ እምነታችሁ ለሌላ አምላክ የቀረበን ምግብ እንዳትበሉ ይከለክላችሁ ይሆናል። በክርስትናም በእስልምናም ይህን አጥብቀው የሚይዙ ብዙዎች ናቸው። ይህ የሚያሳፍር ነገር አይደለም፤ ግን የሚነገርበት ጊዜ አለው። ሳህኑ ከተዘረጋ በኋላ ሳይሆን ቀደም ብሎ፣ ለጠራችሁ ሰው በቀጥታ ንገሩት። «በዓሉ ላይ አለሁ፣ ምግቡን ግን አልበላም» ማለት ይበቃል። ክርክር ውስጥ አትግቡ። በምትኩ ዕቃ ማጠብ ላይ ተሰለፉ። በላንጋር ይህ ሴቫ የሚባል የተከበረ አገልግሎት ነው፤ ሁልጊዜም የሰው እጥረት ያለው እዚያ ነው።

የምታድሉት እናንተ ከሆናችሁ የጤናው ነገር በእናንተ ላይ ነው። የበሰለ ምግብ ያለ ማቀዝቀዣ ወይም ያለ ማሞቂያ ከ2 ሰዓት በላይ አይቀመጥ። ሙቀቱ ከ32 ዲግሪ ካለፈ ደግሞ 1 ሰዓት ይበቃዋል። ረጅም ጸሎት ካለ ይህ በቀላሉ ያልፋል። እንግዲያው ለመሠዊያው ትንሽ ሳህን ለዩ፤ ዋናውን ድስት ከ60 ዲግሪ በላይ እንደሞቀ አቆዩት። ሥርዓቱ ከፈቀደ ካለቀ በኋላ የቀረበውን ከዋናው ጋር ቀላቅሉት፤ ብዙ የሂንዱ ቤቶች እንዲህ ያደርጋሉ። ሩዝን በተለይ ፍሩት። ከማቀዝቀዣ ውጭ የቆየ ሩዝ ውስጥ የሚፈጠር መርዝ እንደገና ቢሞቅም አይጠፋም። ኮሊቫውም በሙቀት ቶሎ ይቦካል። ለውዝ፣ ወተትና ስንዴ የማይስማማቸው ሰዎች ስላሉ ምን እንደገባበት በወረቀት ጽፋችሁ ትሪው አጠገብ አስቀምጡ።

የተረፈውን አትጣሉት ብሎ መናገር ቀላል ነው፤ የት ይሂድ? የተባረከ ምግብን ከቆሻሻ ጋር መቀላቀል ብዙ ቤት ውስጥ ያስቆጣል። ለእንስሳ መስጠት፣ ንጹሕ አፈር ውስጥ መቅበር ወይም ዛፍ ሥር ማድረግ ይፈቀድ እንደሆነ ጠይቁ። ወንዝ ውስጥ የምትጥሉ ከሆነ ፕላስቲኩን፣ ክሩንና ፎይሉን ለይታችሁ አውጡ። ውሻ በሚደርስበት ቦታ ዘቢብ፣ ወይንና ቸኮሌት አትተዉ፤ ሊገድሉት ይችላሉ። ትሪውንም በማግስቱ ሂዳችሁ አንሱ፤ አብዛኛው ሰው የሚረሳው እሱን ነው።